«ቸነፈር» ወይስ «ወረርሽኝ»?

ጥያቄ፦ ሰላም መምህር። ስለ ቡቦኒክ ፕሌግ ምልክቶችና መንስኤዎች አንድ አጭር የጤና ጽሑፍ ወደ አማርኛ እየመለስኩ ነው። አንዱ ጓደኛዬ «ቡቦኒክ ወረርሽኝ» በዪው ይላል። ሌላዋ «ጥቁሩ ሞት» ይሻላል ትላለች። «ቸነፈር» ብለውስ ያስኬዳል? ደግሞ «የበሽታው መንስኤ አይጥ ነው» ብዬ ጽፌያለሁ፣ ልክ ነኝ?

መልስ፦ እህቴ፣ ከጓደኞችሽ ልጀምር። ሁለቱም አልመቱትም።

«ወረርሽኝ» የበሽታ ስም አይደለም። «ወረረ» ከሚለው ግስ የወጣ ነው፣ የበሽታውን አመጣጥ ነው የሚናገረው። ኮሌራም፣ ኩፍኝም፣ ኮሮናም ባንድ ጊዜ ብዙ ሰው ላይ ሲነሳ ወረርሽኝ ይባላል። አንድ ሰው ብቻውን ታሞ ሐኪም ቤት ቢገባ «ወረርሽኝ ያዘው» ልትዪ ነው? «ጥቁሩ ሞት» ደግሞ የአንድ ዘመን መጠሪያ ነው፤ እ.ኤ.አ. ከ1347 እስከ 1351 አውሮፓን ለፈጀው እልቂት። በሽታው ግን ዛሬም አለ። እ.ኤ.አ. በ2017 ማዳጋስካር ውስጥ ተነስቶ ከ200 በላይ ሰው ገድሏል፣ እሱን «ጥቁሩ ሞት» የሚለው የለም።

«ቸነፈር» ያስኬዳል። ችግሩ ቃሉ ሰፊ መሆኑ ነው። መጽሐፍ ቅዱሱ «ራብም ቸነፈርም» ሲል፣ እናቶቻችንም «ከራብ ከቸነፈር ሰውረን» ሲሉ አንዱን በሽታ ነጥለው አይደለም፤ ሰውን በጅምላ የሚጨርስ ደዌ ሁሉ ቸነፈር ነው። በ1911 ዓ.ም. አዲስ አበባን የፈጀውን የኅዳር በሽታ ቸነፈር ብትዪው በዚህ ሰፊ ትርጉም አልተሳሳትሽም፣ ሐኪም ግን ይስቅብሻል፣ ምክንያቱም ያ ኢንፍሉዌንዛ ነበር። ስለዚህ ለጤና ጽሑፍ «ቸነፈር» ብቻውን አይበቃም፣ ለይቶ የሚያሳየው ቃል ይፈልጋል።

ያ ቃል ደግሞ ቤታችን አለ። «ንፍፊት»!

ልጅ ሆነሽ እግርሽ ቆስሎ አያውቅም? ቁስሉ ሲያመረቅዝ ብሽሽትሽ ላይ እንደ ባቄላ ያለ ነገር ይቋጠራል፣ ሲነኩት ያማል፣ እናትሽም ዳበስ አድርጋ «ንፍፊት ወጥቶባታል» ትላለች። እጅ ከሆነ የቆሰለው ንፍፊቱ ብብት ስር ነው። ሕክምና ሳይማሩ ሰዎቻችን ነገሩን ደርሰውበታል፤ ከቁስሉ የገባው ተህዋስ ወደ ቅርቡ ዕጢ ይሄዳል፣ ዕጢው ያብጣል። የቸነፈር ጉዳይም ይኸው ነው፣ ክፋቱ ግን ሌላ። በሽታውን የምታስተላልፈው ቁንጫ እግር ላይ ከነከሰች ብሽሽት፣ እጅ ላይ ከሆነ ብብት ያብጣል፣ አንዳንዴ አንገት። እብጠቱ የእንቁላል ያህል ሊደርስ ይችላል፣ ሕመሙም አያስቀምጥ አያስተኛ። «ቡቦኒክ» የሚለው ቃል ራሱ «ቡቦን» ከሚለው የግሪክ ቃል የመጣ ነው፣ ትርጉሙም ብሽሽት። እኛ በንፍፊት የምንጠራውን እነሱ በብሽሽት ጠሩት፣ ያው ነው። እና «የንፍፊት ቸነፈር» በዪው።

አንድ ጥቅም ልጨምርልሽ። በሽታው ሌላም መልክ አለው፣ ሳንባ ውስጥ ከገባ «የሳንባ ቸነፈር»፣ በደም ከተሰራጨ «የደም ቸነፈር» እያልሽ መቀጠል ትችያለሽ። በሳልና በትንፋሽ ከሰው ወደ ሰው የሚሄደው የሳንባው ነው፣ ሳይታከም ከቀረ የሚተርፍ የለም ማለት ይቻላል። የንፍፊቱም ቢሆን ካልታከመ ከመቶ ከ30 እስከ 60 ሰው ይገድላል።

ሌሎቹን ምልክቶች ለመጻፍ አትጨነቂ። ድንገት ትኩሳት፣ ብርድ ብርድ ማለት፣ ራስ ምታት፣ ቁርጥማት፣ አቅም ማጣት። ሁሉም ሰው የሚያውቀው አማርኛ ነው። «የሰውነት ሙቀት መጨመር ክስተት» የሚባለውን ዓይነት የቢሮ አማርኛ ብቻ እንዳላይብሽ።

አሁን ወደ አይጧ። «መንሥኤ» ከግእዙ «ተንሥአ» ጋር አንድ ሥር ነው፣ ቅዳሴ ላይ «ተንሥኡ» ሲባል የምንቆምበት፣ «ትንሣኤ»ም የተገኘበት። (ስለዚህ በንጉሡ «ሠ» ነው የሚጻፈው። በእሳቱ «ሰ» ብትጽፊው የሚቀጣሽ ግን የለም።) መንሥኤ ማለት ነገሩን የሚያስነሳው ነው። ቸነፈርን የሚያስነሳው የርሲኒያ ፔስቲስ የሚባል ባክቴሪያ ነው፤ ስሙን ያገኘው እ.ኤ.አ. በ1894 ሆንግ ኮንግ ላይ ካገኘው ከአሌክሳንደር የርሲን ነው። ቫይረስ አይደለም፣ በዚህ ዘመን ሁሉንም ቫይረስ ማለት ለምደናልና ተጠንቀቂ። ባክቴሪያ ስለሆነም ነው ቶሎ ከተደረሰበት በአንቲባዮቲክ የሚድነው።

ቁንጫዋስ? እሷ «አስተላላፊ» ናት። ባክቴሪያው አንጀቷ ውስጥ ተራብቶ ጉሮሮዋን ይዘጋዋል፣ የመጠጠችው ደም አልወርድ ሲላት ይርባታል፣ ሲርባት ደጋግማ ትነክሳለች፣ በነከሰች ቁጥር የተበከለውን ደም መልሳ ቁስሉ ውስጥ ትተፋዋለች። አይጧ ደግሞ እሷው ራሷ ታማሚ ናት። አይጦቹ ሲያልቁ ነው ቁንጫዎቹ ማደሪያ አጥተው ወደ ሰው የሚዘልሉት። እንግዲህ አይጥን «መንሥኤ» ማለት፣ ወንበዴ የተደበቀበትን ቤት ወንበዴ ብሎ እንደ መክሰስ ነው። «ተሸካሚ» ብትያት ይበቃታል።

«ተስቦ» ልበለው ብለሽም እንዳታስቢ፣ እሱ በቅማል የሚመጣ ሌላ በሽታ ነው።

ዓረፍተ ነገርሽን እንዲህ አድርጊው፦ «የንፍፊት ቸነፈር መንሥኤው ባክቴሪያ ነው። ከአይጥ ወደ ሰው የምታስተላልፈው ቁንጫ ናት። የታመመ ሰው ድንገት ያተኩሰዋል፣ ብብቱ ወይም ብሽሽቱ ላይ የሚያም ንፍፊት ይወጣበታል።» እናትሽ አንብባ ከገባት ጨርሰሻል፣ ካልገባት ደግሞ ጻፊልኝ።