ራሱን የቀበረ ሰው የለም

ጥያቄ፦ የአርኪዮሎጂ ባለሙያዎች አንድ መቃብር ከፍተው «ይህ ሰው ባለጸጋ ነበር፤ ያቺ ሴት ከሩቅ አገር የመጣች ናት» ሲሉ እሰማለሁ። አፈር ከበላው አጽም ይህን ያህል ማወቅ ይቻላል ወይስ ግምት ነው? ደግሞስ ሙታንን ከተኙበት መቀስቀስ ነውር አይደለም ወይ? (ከአንዲት የታሪክ መምህርት)

መልስ፦ ጥርጣሬዎ ተገቢ ነው፤ ግምት አለበት። አጥንት መመርመር የዕለት ተዕለት ሥራዬ ስለሆነ ግን ግምቱ የሚጀምርበትንና የሚያበቃበትን ልንገርዎት።

ከሁሉ አስቀድሞ ራሱን የቀበረ ሰው እንደሌለ ያስቡ። አስከሬኑ ወዴት ዞሮ እንደሚተኛ፣ ምን እንደሚለብስ፣ ከጎኑ ምን እንደሚቀመጥ የሚወስኑት በሕይወት የቀሩት ናቸው። ስለዚህ መቃብር በቅድሚያ የሚነግረን ቀባሪዎቹ ስለ ሟቹ ሊሉ የፈለጉትን ነው። ሩሲያ ውስጥ ሱንጊር በሚባል ስፍራ ከ30 ሺህ ዓመት በፊት የተቀበሩ ሁለት ልጆች ከማሞዝ (ዘሩ ከጠፋ የዝሆን ዘመድ) ጥርስ በተሠሩ ከ10 ሺህ በላይ ዶቃዎች ተሸፍነው ተገኝተዋል። እያንዳንዱን ዶቃ መቅረጽና መብሳት ትልቅ ልፋት ነው፤ ልጆቹ ደግሞ ያን ሀብት በራሳቸው ሊያፈሩት አይችሉም። ክብር በውርስ ይተላለፍ ነበር የሚሉ ምሁራን አሉ። እኔ ግን ከማዕረጉ በፊት የሚታየኝ የቀባሪዎቹ ሐዘን ነው።

አጥንትና ጥርስ ግን የሟቹ የራሱ ናቸው። የቋሚ ጥርስ ጠንካራ ሽፋን የሚሠራው በልጅነት ነው፤ ከተሠራ በኋላም አይታደስም። ልጁ ያደገበት አገር አለትና ውሃ ኬሚካላዊ አሻራ በምግቡና በመጠጡ በኩል ገብቶ እዚያው ይቀራል። ከባድ ረኃብ ወይም ሕመም ሲደርስበት የሽፋኑ ዕድገት ለጊዜው ይቋረጥና አግድም መስመር ይተዋል፤ አንዳንዱ መስመር በጥፍር ሲዳሰስ ሳይቀር ይታወቃል። እንግሊዝ አገር፣ ስቶንሄንጅ ከሚባሉት ጥንታውያን የድንጋይ ትክሎች ብዙም ሳይርቅ፣ አሜስበሪ ላይ እ.ኤ.አ. በ2002 የተገኘውን ሰው ይመልከቱ። ከክርስቶስ ልደት በፊት በ2300 ዓመት ገደማ ከወርቅ ጌጥና ከመዳብ ቢላዋዎች ጋር ነው የተቀበረው። ጥርሱ ሲመረመር ያደገው በአልፕስ ተራሮች አካባቢ ሆኖ ተገኘ። የአንድ ጉልበቱ ሎሚ ስለሌለም እያነከሰ ኖሯል። መቃብሩን ብቻ ብናይ አንድ የተከበረ ሰው ብለን እናልፈው ነበር፤ አጽሙ ሲጨመርበት ግን የሩቅ አገር ሰው የሆነን አንካሳ በወርቅ የሸኘ ማኅበረሰብ እናገኛለን።

መቃብሩና አጽሙ የሚጋጩበትም ጊዜ አለ። ስዊድን ውስጥ በቫይኪንጎች (የጥንት የሰሜን አውሮፓ ባሕረኞች) የንግድ ከተማ በቢርካ እ.ኤ.አ. በ1878 የተቆፈረ አንድ መቃብር ሰይፍ፣ መጥረቢያ፣ ጦር፣ ሁለት ጋሻና ሁለት ፈረሶች ነበሩበት። ከመቶ ዓመት በላይ የወንድ ጦረኛ መቃብር ሲባል ኖረ፤ እ.ኤ.አ. በ2017 የታተመ የዘረመል ምርመራ ግን ሴት መሆኗን አረጋገጠ። ሰይፍ ካለ ወንድ ነው የሚለው ሐሳብ የእኛ እንጂ የመቃብሩ አልነበረም። ተዋጊ ነበረች ብሎ መደምደምም መቸኮል ነው፤ መሣሪያ አብሮ መቀበሩ ብቻውን አያስረዳም፣ በአጽሟ ላይም የቁስል ምልክት አልታየም።

እኔን ከሁሉ በላይ የምታስደንቀኝ ግን ጀርመን ውስጥ ዳልሃይም በሚባል ገዳም የተቀበረች የመካከለኛው ዘመን ሴት ናት። ተመራማሪዎች በጥርሷ ላይ ተጋግሮ የደነደነውን ቆሻሻ በማይክሮስኮፕ ሲያዩ ደማቅ ሰማያዊ ብናኝ አገኙ። ላፒስ ላዙሊ ከተባለው ድንጋይ የሚሠራ ቀለም ነበር፤ በዚያ ዘመን ድንጋዩ ለአውሮፓ የሚመጣው ከአፍጋኒስታን ሲሆን ቀለሙም እጅግ ውድ ነበር። ለብራና መጻሕፍት ሥዕል የሚሆን ቀለም ጥርሷ ላይ ምን ይሠራል? ዋናው ማብራሪያ የብሩሿን ጫፍ በከንፈሯ እያሾለች ትሥል ነበር የሚለው ነው። ስሟ በየትም አልተጻፈም፤ ሙያዋን ግን ጥርሷ ጠቆመ።

ነውር ነው ወይ ላሉት፦ ወገኖቹን ሳይጠይቁ ማድረግ ነውር ነው። በአሜሪካ እ.ኤ.አ. በ1996 ኬነዊክ ከተማ አጠገብ 8,500 ዓመት ገደማ ያስቆጠረ አጽም ሲገኝ የአካባቢው ነባር ሕዝቦች «አባታችን ነው፣ እንቅበረው» አሉ። አንዳንድ ሳይንቲስቶች በራስ ቅሉ ቅርጽ ተመርተው ዝምድናውን ስለተጠራጠሩ ክርክሩ በፍርድ ቤት ለዓመታት ተጓተተ። እ.ኤ.አ. በ2015 የዘረመል ውጤቱ ነባሮቹ እውነት መናገራቸውን አሳየ፤ እ.ኤ.አ. በ2017ም ተረክበው ቀበሩት። እኔ ፈቃድ ከምርመራ ይቅደም የምል ነኝ። ለዘረመል ጥናት ጥርስ ወይም አጥንት ተቦርቡሮ ዱቄት ይወሰዳል፤ የተወሰደው አይመለስም። ስለዚህ ጥያቄው ሳይለይ፣ ወገንም ሳይሰማ መቦርቦሪያውን ማንሳት አይገባም፤ «አትንኩብን» ካሉም አጽሙ ሳይነካ ይመለስላቸው።