ጤፍ ሲጠፋ፦ የዘንጋዳ እንጀራ፣ ዘይት አልባ ወጥና የጓያ ሽሮ

ጥያቄ፦ በጦርነቱ መንገድ ከተዘጋ ወዲህ ጤፍም ዘይትም ገበያ አይወጣም። ቤት ያለው ዘንጋዳ (መራራው ማሽላ)፣ ትንሽ በቆሎና ጓያ ነው። እንጀራዬ ትኩሱን ደህና ሆኖ በማግስቱ ይሰነጣጠቃል። ሽሮውንስ ከጓያ ብቻ ባዘጋጀው ይጎዳል? (አንባቢ፣ ከሰሜን ወሎ)

መልስ፦ እህታችን፣ የማሽላና የበቆሎ እንጀራ ሲቀዘቅዝ ቶሎ ይደርቃል። ሊጡን ማቅጠን አያድነውም፤ የሚያድነው አብሲት፣ ማለትም ከሊጡ ተቀንሶ በፈላ ውሃ በስሎ ወደ ሊጡ የሚመለሰው ነው። ለጤፍ ከሊጡ አንድ አሥረኛው ይበቃል፣ ለማሽላ ግን አንድ አምስተኛውን ይውሰዱ።

ዘንጋዳው ቅርፊቱ ስለሚመር መጀመሪያ ይፈተግ፤ ከዚያ አልሞ ይፈጭ። 3 ብርጭቆ የዘንጋዳና 1 ብርጭቆ የበቆሎ ዱቄት በ3 ብርጭቆ ውሃና በግማሽ ብርጭቆ እርሾ ያቡኩ። በቆሎው ከዚህ ከበለጠ እንጀራው ይሻክራል። በቆላ 2 ቀን፣ በደጋ 3 ቀን ይቆይና ላዩ ላይ የጠለለውን ውሃ ይቅዱ። ለአብሲቱ 2 ብርጭቆ ውሃ አፍልተው 1 ብርጭቆ ሊጥ እየጨመሩ ያማስሉ። ወፍሮ ሲያብረቀርቅ አውርደው፣ ጣት እስኪችለው ካቀዘቀዙ በኋላ ወደ ሊጡ ይመልሱ። ትኩሱን ከመለሱት እርሾውን ይገድለዋል፤ ሊጡም ኩፍ አይልም፣ እንጀራውም ዓይን አያወጣም። ኩፍ ሲል በጋለ ምጣድ ይጋግሩ፤ ዓይኑ እንደወጣ ወዲያው ይክደኑት። ከሁለት ቀን በላይ የሚበላ አይጋግሩ።

ወጡ ያለ ዘይት ይሆናል። ሽንኩርቱን አድቅቀው በደረቁ ያቁላሉ፣ ሲይዝ ውሃ ጠብ ያድርጉበት፤ በርበሬውንም ከውሃ ጋር ይጨምሩ፣ አለዚያ ያርራል። ኑግ ከተገኘ አምሰው ይውቀጡና በለብታ ውሃ በጥብጠው ያጥልሉት፤ የሚገባው ወጡ ሊወርድ ሲል ነው።

ጓያን ግን አደራ! ለወራት ዋና ምግብ ከሆነ እግር ያሽመደምዳል፤ መድኃኒትም የለውም። በ1980ዎቹ መጨረሻ እዚያው አካባቢዎ፣ በደላንታና በዳውንት፣ ብዙ ሰው ተጎድቷል። ጉዳቱ ጎልቶ የታየው ቆልተው፣ ቀቅለው ወይም በእሸቱ በበሉት ላይ እንጂ በሽሮ ወጥ በበሉት ላይ አልነበረም። ስለዚህ ለልጆች ቆሎውንም ንፍሮውንም አይስጡ። ክኩን በፈላ ውሃ ዘፍዝፈው ያሳድሩ፣ ውሃውን ይድፉ፣ አጥበው አድርቀው ያምሱት። ይህ መርዙን ይቀንሳል እንጂ አያጠፋውም። ባቄላ ወይም ሽምብራ ከተገኘ እኩል ይቀላቅሉ፣ ሁልጊዜም ከእንጀራ ጋር ይበላ፣ በየቀኑ አይቅረብ። ከቤተሰቡ አንዱ እግሩ ከከበደው ወይም ሲራመድ ከተንቀጠቀጠ፣ ጓያውን በዚያው ቀን ያቁሙና ወደ ጤና ጣቢያ ይውሰዱት።