የሚንሳፈፉ ደሴቶችህ ምን ላይ ይቁሙ?

ሰላም ወንድሜ። ለልብ ወለድህ የፈጠርካቸው ተንሳፋፊ ደሴቶች ምን ላይ እንደሚቆሙ፣ ሰዎቹስ ምን ሲሠሩ እንደሚውሉ ጠይቀሃል። እኔ ብሆን አስማቱን ትቼ ከሣር እጀምር ነበር።

እንዲህ የሚኖሩ ሰዎች በእውነትም አሉ። ፔሩ ውስጥ፣ ቲቲካካ ሐይቅ ላይ፣ ኡሮስ የሚባሉት ደሴታቸውን የሚሠሩት ቶቶራ ከሚባል የሐይቅ ዳር ተክል ነው። ሐይቁ ያለው 3,812 ሜትር ከፍታ ላይ ነው፤ እንጦጦን ይበልጣል። የታችኛው ንጣፍ ውሃ ውስጥ ይበሰብሳል። ስለዚህ ከላይ አዲስ ይደርባሉ። ዕድሜ ልክ።

ትናንት ፒያሳ ቡና ስንጠጣ የተጎዘጎዘውን ቄጤማ በእጄ ገለጥ አደረግኩት። ላዩ ደርቆ ይንኮሻኮሻል፤ ሥሩ ገና እርጥብ ነው። የደሴትህ መሬት ይሄ ነው። ባለታሪክህ በባዶ እግሯ ስትረግጠው ትንሽ ስርጉድ ይበል።

ሕዝቡም ከዚሁ ይወለዳል። አንድ ቤተሰብ ሳይደርብ ከሰነፈ ጎረቤቱንም ያሰምጣል። ደቦው፣ ጠቡ፣ ሽምግልናው ሁሉ እዚህ ላይ ነው። እርቅ እምቢ ካለስ? ደሴቱን በመጋዝ ለሁለት ቆርጠው ይለያዩ። እኔ ይህቺን ትዕይንት ለማንበብ ቸኩያለሁ!

ለጀልባ ሩቅ አትሂድ፤ የጣናን ታንኳ ተመልከት። ከደንገል ነው የሚሠራው። እ.ኤ.አ. በ1969 ኖርዌጂያዊው ቶር ሄየርዳል አትላንቲክን ሊሻገርባት ያሠራት «ራ» ደንገሏ የሄደው ከጣና ነው። ብዙ ተጉዛ፣ ውሃ ጠጥታ፣ ሳትደርስ ቀረች። የደሴቶችህ ሰዎች የሚፈሩትም ይህንኑ ይሁን።