ኮሌጁ «ጉዳዩ ፍርድ ቤት ነው» ካለ ልጁን ላምጣው?

ጥያቄ፦ ጤና ይስጥልኝ። ታናሽ ወንድሜ ደቡብ ህንድ ውስጥ በአንድ የግል ኮሌጅ መካኒካል ኢንጂነሪንግ ይማራል። አንደኛ ዓመትን ጨርሷል። የላከው ኤጀንት «አፕሩቭድ ነው» ብሎ ምሎልን ነበር። አሁን ኮሌጁ ዩኒቨርሲቲው የዘንድሮውን አፊሌሽን (በዩኒቨርሲቲው ሥር የመሥራት ዕውቅና) እንደከለከለውና ጉዳዩ ፍርድ ቤት እንደሆነ ለተማሪዎቹ ነግሯቸዋል። የሁለተኛ ዓመት ክፍያ ግን አሁኑኑ አምጡ ይላል። ብሩን ያገኘነው ከእናቴ ዕቁብ ነው። ልጁን ላምጣው ወይስ ልክፈል? (ከአዳማ)

መልስ፦ እህቴ፣ አታምጪው። ግን ገና አትክፈዪ።

ይሄ ነገር እኔም ላይ ደርሷል። እዚያው ህንድ ሦስተኛ ዓመት ሳለሁ፣ ፈተና ሊጀመር አራት ቀን ቀርቶት ሆል ቲኬታችን (የፈተና መግቢያ ካርዳችን) አልመጣም። በዚያ ሙቀት የኮሌጁ ቢሮ በር ላይ ተሰልፈን እንውላለን፤ ጸሐፊው ቀና ሳይል «ነገ» ይለናል። ለካ ኮሌጁና ዩኒቨርሲቲው በመምህራን ቁጥርና በላብ ዕቃ ተካሰው ኖሯል። ሆል ቲኬቱ እጃችን የገባው በፈተናው ዋዜማ ማታ ነው፣ ያውም በፍርድ ቤት ጊዜያዊ ትዕዛዝ። «አፕሩቭድ» የሚለው ቃል ግማሽ ነገር ብቻ እንደሚናገር ያን ማታ ገባኝ።

እዚያ አገር አንድ የኢንጂነሪንግ ኮሌጅ ሁለት ወረቀት ያስፈልገዋል። አንዱን የሚሰጠው ኤአይሲቲኢ የሚባለው የቴክኒክ ትምህርት ምክር ቤት ነው። እ.ኤ.አ. በ1987 በወጣ ሕግ ሥልጣን ያገኘ ተቋም ነው። ኮሌጁ እንዲከፈትና በየትምህርት ክፍሉ ስንት ተማሪ እንዲቀበል የሚወስነው እሱ ነው። ሁለተኛው የዩኒቨርሲቲው አፊሌሽን ነው። ፈተናውን አብዛኛውን ጊዜ የሚያወጣው፣ ዲግሪውን የሚሰጠው ዩኒቨርሲቲው ነው። ኮሌጁ በራሱ ስም ዲግሪ መስጠት አይችልም። ኤጀንቶች የሚያወሩት ስለ መጀመሪያው ወረቀት ብቻ ነው፤ ይሄ በጣም ያናድደኛል።

ኮሌጆቹ ፍርድ ቤት ለመሄድ የሚደፍሩት ያለ ምክንያት አይደለም። የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በ1995 በታሚል ናዱ ክልል በተነሳው የአዲያማን ኮሌጅ ጉዳይ፣ የክልሉ ሕግ ከማዕከላዊው ሕግ ጋር ከተጋጨ የማዕከላዊው ይበልጣል ብሏል። በ2000 ደግሞ በኬረላ ክልል በተነሳው የጃያ ጎኩል ጉዳይ፣ ምክር ቤቱ የፈቀደውን ኮሌጅ የክልሉ መንግሥት በራሱ ፖሊሲ ሊከለክል አይችልም አለ። ግን ሁሉም አይረታም። ፓርሽቫናት የሚባለው ተቋም ኮሌጁን ሳያስፈቅድ ወደ ሌላ ቦታ በማዛወሩ ፈቃዱ ተነጠቀ፤ ተከራክሮም እ.ኤ.አ. በ2012 ጠቅላይ ፍርድ ቤት ተረታ። ፍርድ ቤቱ በዚያው ውሳኔ የቀን ገደብ አስቀመጠ፦ የምክር ቤቱ ፈቃድ እስከ ኤፕሪል 10፣ አፊሌሽን እስከ ሜይ 15። ስለዚህ «ከሰናል» ማለት «እናሸንፋለን» ማለት አይደለም። ጊዜያዊ ትዕዛዝም ክፍል ያስገባል፣ ለፈተና ያስቀምጣል እንጂ ዲግሪ አይሆንም።

አሁን ወንድምሽን አንድ ነገር ጠይቂው፦ የአንደኛ ዓመት ማርክ ሺቱን (የውጤት ወረቀቱን) ያወጣው ማነው? የዩኒቨርሲቲው ስምና የራሱ የሆል ቲኬት ቁጥር ካለበት፣ ውጤቱ የተመዘገበው ዩኒቨርሲቲው ዘንድ ነው። ኮሌጁ ነገ ቢዘጋ እንኳ ውጤቱ አብሮ አይዘጋም። የኮሌጁ ማህተም ብቻ ከሆነ ግን ወንድምሽ ራሱ ዩኒቨርሲቲው ፈተና ክፍል ድረስ ሄዶ ስሙን ያጣራ፤ በስልክ አይሆንም።

ከዚያ ዘንድሮን የሚሸፍነውን የኤአይሲቲኢ የፈቃድ ደብዳቤ ይጠይቅ። የአምናውን አሳይተው እንዳይሸኙት። መካኒካል የሚለው መስመር ላይ ስንት ተማሪ እንደተፈቀደና የውጭ ዜጋ እንዲቀበሉ መፈቀድ አለመፈቀዱን ይይ። ይቺን ሁለተኛዋን እኛ አበሾች አንጠይቅም፤ ዋናዋ ግን እሷ ነች።

አፊሌሽኑ ከቀረ፣ እዚያው ዩኒቨርሲቲ ሥር ወዳለ ሌላ ኮሌጅ መዛወሩ ይሻላል። ከሁለቱም ኮሌጆች «አንቃወምም» የሚል ደብዳቤና የዩኒቨርሲቲው ፈቃድ ያስፈልገዋል። ለህንድ ልጆች የቪዛ ጉዳይ የለባቸውም። ለእኛ ልጅ ግን ቪዛው ከኮሌጁ ጋር የተያያዘ ስለሆነ፣ ሳይዛወር በፊት ኤፍአርአርኦ (የውጭ ዜጎች መመዝገቢያ ቢሮ) ሄዶ ማስፈቀድ አለበት። ይህን ዘለው ጣጣ ውስጥ የገቡ ጓደኞች ነበሩኝ።

ኮሌጁ የ12ኛ ክፍል ኦርጅናል ሰርተፊኬቱን ይዞበት ከሆነ ያስመልስ። ኦርጅናል መያዝ በምክር ቤቱ ደንብ ክልክል ነው። «ካልከፈልክ አንሰጥም» ካሉት በጽሑፍ ይጠይቃቸው፤ አፍ ላፍ አይመላለስ።

ክፍያው እነዚህ ወረቀቶች እስኪታዩ ይቆይ። ለእናትሽ ግን ዛሬውኑ ደውለሽ ንገሪያት፦ የዩኒቨርሲቲው ማርክ ሺት ካለው የአንደኛ ዓመት ልፋቱ አልጠፋም።