የዶሮዬ እግርና የጎረቤቴ ምላጭ

ይድረስ ለአምዱ አዘጋጅ፦

ደሴ ነው የምኖረው። ጓሮዬ ውስጥ 12 ቦቫንስ የሚባሉ የፈረንጅ ዶሮዎች አሉኝ፤ የልጆቼ ደብተርና እርሳስ የሚገዛው በእንቁላላቸው ነው። ከሦስት ሳምንት ወዲህ አንዷ ታነክሳለች። መጀመሪያ ድንጋይ መቷት ነው ብዬ ተውኳት። ትናንት ይዤ ሳያት የግራ ውስጥ እግሯ የባቄላ ፍሬ ያህል አብጧል፤ መሐሉ ላይ ጥቁር ቅርፊት ይዟል፤ ስነካው ይሞቃል። ጥሬ ስበትን ከሌሎቹ ኋላ ነው የምትደርሰው። ጎረቤቴ «በምላጭ ቀደሽ መግሉን ጨምቂው» አለችኝ። ባለቤቴ «ሳትሞት እንረዳት» ይላል። እንቁላል መጣሏን ግን አላቆመችም፣ እኔም አላስችል አለኝ። ምን ላድርግ? ሌሎቹስ ይያዙብኝ ይሆን?

መልስ፦

እኅቴ፣ ምላጩን ተይው። የዶሮ መግል እንደ ሰው መግል አይፈስም፤ እንደ አይብ ይረጋል። ብትጨምቂው ደምና ሥቃይ ብቻ ነው ትርፉ። ለባለቤትሽም ንገሪው፤ እየበላች እንቁላል የምትጥል ዶሮ ለቢላ አልደረሰችም።

ያየሽው ምልክት ውስጥ እግሯ ተጭሮ ጀርም እንደገባበት ያሳያል። ብዙ ጊዜ ይህን የሚያመጣው ጀርም በእኛም ቆዳ ላይ የሚኖር ስለሆነ፣ ስትነኪያት እጅሽን በጓንት ወይም በንጹሕ ፌስታል ሸፍኚ፤ ከዚያ በሳሙና ታጠቢ። ማታ ማታ ለብ ባለ ጨው የገባበት ውኃ ውስጥ እግሯን 10 ደቂቃ ያህል ዘፍዝፊው። በንጹሕ ጨርቅ አድርቀሽ አዮዲን ቀቢው፤ በፋሻ ሸፍነሽ ፕላስተሩን በጣቶቿ መሐል አሳልፊ፤ ጣቷ እንዳይቀዘቅዝ አታጥብቂው። እስኪሻላት ደረቅ ጭድ ላይ ለብቻዋ ትሁን። እብጠቱ ወደ ቅልጥሟ ከወጣ ወይም መብላት ካቆመች የእንስሳት ሐኪም ጋ ውሰጃት፤ መቅደድ የእሱ ሥራ ነው። ቤት የተረፈ የሰው ቴትራሳይክሊን አትስጫት። ሐኪሙ መድኃኒት ካዘዘ፣ እንቁላሏ ስንት ቀን እንደማይበላና እንደማይሸጥ ጠይቂው።

አሁን ወደ ቆጡ። ከፍታውን አልነገርሽኝም፣ እኔን ግን የሚያሳስበኝ እሱ ነው። የሐበሻ ዶሮ ቀላል ናት፣ ከጣሪያ ሥር ብትወርድም ክንፏ ይደግፋታል። ቦቫንስ ትከብዳለች፤ ጠዋት ጠዋት ከከፍታ ዱብ ስትል ሸክሙ ሁሉ ውስጥ እግሯ ላይ ነው የሚያርፈው። ቆጡን እስከ ጉልበትሽ ዝቅ አድርጊው። የአጣናውን ጉጥና ስንጥር ላጪ፣ ምስማር ካለ ንቀይ። ወለሉ ላይ ጭድ ወይም ሰጋቱራ በደንብ አንጥፊ፤ ውኃ መጠጫቸው ሥር የሚረጥበውን በየቀኑ ለውጪ፤ እርጥብ ኩስ ላይ የሚውል እግር ቆዳው ይላላል።

በሽታው እንደ ፈንግል ከዶሮ ወደ ዶሮ አይዛመትም፤ ግን ሁሉም የሚወጡት እዚያው ቆጥ ላይ ነው። ቅልጥማቸው ላይ ቅርፊቱ ተነሥቶ ነጭ ነጭ ካየሽ ግን ሌላ ነገር ነው፤ የመዥገር ዘመድ የሆነች ጥቃቅን ተባይ ናት፣ እሷ ትጋባለች። በሞቀ ውኃና ሳሙና፣ በአሮጌ የጥርስ ብሩሽ ቀስ ብለሽ አጥበሽ ቫዝሊን ለቅልቂው፤ በየጥቂት ቀኑ ለሳምንታት ድገሚው። ናፍጣ የሚሉሽን አትስሚ፣ ቆዳቸውን ያቃጥላል።

ዛሬ ማታ ቆጥ ላይ እንደሰፈሩ ባትሪ ይዘሽ የቀሩትን 11 ዶሮዎች እግር አንድ በአንድ እያነሣሽ እዪ።