«ዋባይን» እንዴት ይጻፍ? ምንስ ተብሎ ይጠራ?

ጥያቄ፦ ስለ መድኃኒቶች የተጻፈ አንድ መጽሐፍ ወደ አማርኛ እየመለስሁ ነው። ከዕፅዋት ተገኝተው በልብ ላይ የሚሠሩ ውሕዶች በተዘረዘሩበት ምዕራፍ ውስጥ አንድ ስም አስቸገረኝ፤ በአንዱ ጽሑፍ «ኡዋባይን»፣ በሌላው «ኦውባይን»፣ በሦስተኛው ደግሞ «ኦአባይን» ሆኖ አገኘሁት። የሥራ ባልደረባዬ ውሕዱ የሚገኝበት ዛፍ በአገራችን የሚበቅል ስለሆነ «የመረንዝ መርዝ» ብለህ ገላግለው ይለኛል። የቱን ልያዝ? ደግሞስ መርዝ ልበለው ወይስ መድኃኒት?

መልስ፦ «ዋባይን» ብለው ይጻፉት። ካገኟቸው ሦስት አጻጻፎች አንዱንም ያልመረጥሁት፣ ሦስቱም የተከተሉት የስሙን ድምፅ ሳይሆን ፈረንሳዮች ስሙን የጻፉበትን የፊደል ቅደም ተከተል በመሆኑ ነው። የቃሉ ምንጭ ሶማልኛ ነው፤ በዚያ ቋንቋ «ዋባዮ» የፍላጻ መርዝ ማለት ሲሆን፣ ፈረንሳዮች ቃሉን ወደ ቋንቋቸው ሲወስዱ «ዋ» የሚለውን ድምፅ በቋንቋቸው ልማድ በሦስት አናባቢ ፊደላት ጻፉት። አርኖ የተባለው ፈረንሳዊ ኬሚስት እ.ኤ.አ. በ1888 ውሕዱን ከዛፉ ለይቶ በክሪስታል መልክ ሲያወጣም ስያሜውን ያበጀው ከዚሁ አጻጻፍ ተነሥቶ ነው። እንግሊዞች አጻጻፉን እንዳለ ወረሱት፤ እኛ ዘንድ ሲደርስም እያንዳንዱ ተርጓሚ ፊደሎቹን አንድ በአንድ እያነበበ «ኡ» ወይም «ኦ» ጨመረበት። የእኛ ፊደል ግን «ዋ»ን በአንድ ምልክት ይጽፋል። ከሶማልኛ የወጣን ቃል በፓሪስ በኩል አዙረን፣ የዞረበትንም ምልክት ይዘን የምንጽፍበት ምክንያት አይታየኝም።

መጨረሻውን በተመለከተ «ባይን» እንጂ «ባኢን» ወይም «ቤን» አይሁን። ለዚህ ምስክሩ «ካፌይን» ነው፤ ተመሳሳይ የፈረንሳይኛ ቅጥያ ይዞ ገብቶ በአማርኛ «ይን» ሆኖ ጸንቷል። ይህ ቅጥያ ግን ተርጓሚን የሚያሳስትበት ሌላ ገጽታ አለው። ካፌይን፣ ሞርፊንና ኒኮቲን ሁሉም አልካሎይዶች ስለሆኑና ስማቸውም ተመሳስሎ ስለሚያልቅ፣ አንዳንድ ጸሐፊ ዋባይንንም ሳያመነታ «አልካሎይድ» ይለዋል። አልካሎይድ ናይትሮጅን ሊኖረው ይገባል፤ የዋባይን ሞለኪውል ግን ከ29 የካርቦን፣ ከ44 የሃይድሮጅንና ከ12 የኦክስጅን አተሞች ብቻ የተገነባ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ችግር ልምጣ፤ በጥያቄዎ ውስጥ አላነሡትም፣ ነገር ግን ትርጉሙን ሲቀጥሉ በየገጹ ያገኝዎታል። ስሙ የሚያልቀው በ«ን» ነው፤ የአማርኛ የተሳቢ ምልክትም «ን» ነው። ስለዚህ «ተመራማሪው ዋባይን ከዛፉ ለየ» የሚል ዓረፍተ ነገር ያነበበ ሰው፣ ቃሉን ከዚያ በፊት ካላወቀው፣ የውሕዱ ስም «ዋባይ» ነው ብሎ ቢያስብ አይፈረድበትም። ዓረፍተ ነገሩ አንድን የታወቀ ነገር በስሙ እየጠራ ስለሆነ ትክክለኛው «ተመራማሪው ዋባይንን ከዛፉ ለየ» ነው፤ «ሰሎሞንን ጠራው» እንደምንለው ሁሉ ሁለቱም «ን» ይጻፋሉ። በአንጻሩ ስሙ ያልተወሰነ መጠንን ሲያመለክት የተሳቢ ምልክት አያስፈልገውም፤ «ሐኪሙ በደም ሥር ዋባይን ሰጠ» ማለት ልክ ነው፣ «ኢንሱሊን ሰጠ» እንደሚባለው። ቀደም ሲል የተጠቀሰውን መጠን ለማለት ከሆነ ደግሞ «ዋባይኑን ሰጠ» ይሆናል። ሦስቱ የተለያየ ነገር ስለሚናገሩ አራሚው ድርብ «ን»ን እንደ ግድፈት ቆጥሮ እንዳይሰርዝ አስቀድመው ይንገሩት። ስሙ ለመጀመሪያ ጊዜ በሚጠቀስበት ቦታም «ዋባይን የተባለው ውሕድ» ብለው ቢያስተዋውቁት አንባቢው የስሙን ዳርቻ ያውቀዋል፤ ከዚያ በኋላ ብዙም አይደናገርም።

የባልደረባዎ ሐሳብ ከቅን ልቦና የመጣ ቢሆንም አይሠራም። «መረንዝ» የዛፍ ስም ነው፤ በኦሮምኛ «ቀራሩ» የሚባለው፣ በሳይንሳዊ ስሙ አኮካንቴራ ሺምፐሪ የሆነው ዛፍ ነው። ከዚህ ዛፍ እንጨትና ሥር በውኃ ተቀቅሎ፣ እንደ ሬንጅ እስኪወፍር ድረስ ፈልቶ የሚወጣው ጥቁር ነገር ደግሞ የፍላጻ መርዝ ነው፤ በውስጡም ዋባይን ብቻ ሳይሆን ሌሎች ውሕዶችም ይገኛሉ። ዋባይን ከዚህ ሁሉ ተነጥሎ የወጣው አንዱ ነጭ ክሪስታል ነው። ዛፉን፣ መርዙንና ውሕዱን በአንድ ስም ከጠራን፣ «የመረንዝ መርዝ በመርፌ ተሰጠ» የሚል ዓረፍተ ነገር ስንጽፍ የተቀቀለውን ጥቁር ነገር ለበሽተኛ ሰጠነው ማለት ይሆንብናል። በዚያ ላይ ውሕዱ የመረንዝ ብቻ አይደለም። በምዕራብና በመካከለኛው አፍሪካ ከሚበቅለው ስትሮፋንቱስ ግራቱስ ከተባለ ሐረግ ፍሬም ይገኛል፤ ለሕክምና ሲመረት የቆየውም በብዛት ከዚህ ፍሬ ነው።

ከዚሁ ሐረግ የተነሣ ውሕዱ ሁለተኛ ስም አለው፤ በተለይ በጀርመን የሕክምና ጽሑፎች «ጂ-ስትሮፋንቲን» ይባላል። ኮምቤ ከተባለው የዚህ ሐረግ ዘመድ የሚገኘው ደግሞ «ኬ-ስትሮፋንቲን» ነው። «ጂ» እና «ኬ» የሐረጎቹ ስሞች የመጀመሪያ ፊደላት መሆናቸው ለላቲን ፊደል አንባቢ ወዲያው ይገባዋል፤ ለእኛ ግን «ግራቱስ» በ«ግ»፣ «ኮምቤ»ም በ«ኮ» ስለሚጀምሩ ግንኙነቱ ይጠፋል። ስለዚህ በመጽሐፍዎ ውስጥ ይህ ስም ከመጣ «የግራቱስ ስትሮፋንቲን» እና «የኮምቤ ስትሮፋንቲን» ማለትን እመርጣለሁ፤ ትንሽ ይረዝማል፣ ግን የሁለቱን ሐረጎች ልዩነት ይናገራል። ሁለቱ የተለያዩ ነገሮች ናቸውና «ስትሮፋንቲን» ብሎ ብቻ መተው አይበቃም።

ምድቡን ስንጠራ «ውሕድ» ይበሉ፣ «ንጥረ ነገር» አይበሉ። ጋዜጦቻችን «ንጥረ ነገር»ን ለማንኛውም ቁስ ያውሉታል፤ በኬሚስትሪ ትምህርት ግን እንደ ካርቦንና ኦክስጅን ያለው ብቻ ነው በዚህ ስም የሚጠራው። «ውሕድ» በሐመሩ «ሐ» ይጻፋል፤ ከ«ተዋሐደ» ጋር አንድ ሥር ነውና። ጠበብ ወዳለው ምድብ ሲወርዱም «ግላይኮሳይድ»፣ ማለትም ስኳር የተያያዘበት ውሕድ፣ እንጂ «ግሉኮሳይድ» አይደለም። ግሉኮሳይድ ግሉኮስ የተባለውን ስኳር የያዘው ዓይነት ብቻ ነው፤ ከዋባይን ጋር የተያያዘው ስኳር ግን ራምኖስ ነው። በእጅ ጽሑፍ ላይ የአንድ ቃል ፊደሎች የተሳሳቱ ይመስላል፣ በኬሚስትሪው ግን ሌላ ውሕድ ነው።

መርዝ ወይስ መድኃኒት ላሉት፣ ዓረፍተ ነገሩ ስለ ምን እንደሚናገር አይተው ይወስኑ። ስለ አዳኞች ሲጻፍ መርዝ ነው፤ እዚህ ላይ ግን «የቀስት መርዝ» የሚለውን የተለመደ አባባል ይተዉት፣ መርዙ የሚቀባው ፍላጻው ላይ ነው፤ ቀስት ማስፈንጠሪያው ነው። ስለ ሕክምና ሲጻፍ መድኃኒት ነው፤ አልበርት ፍሬንክል የተባለው ጀርመናዊ ሐኪም እ.ኤ.አ. በ1906 ስትሮፋንቲንን ልባቸው ለደከመ በሽተኞች በደም ሥር መስጠቱን ካስታወቀ በኋላ ይህ የውሕዶች ወገን በአውሮፓ ለብዙ ዓመታት ሐኪም ቤት ውስጥ ኖሯል። ስለ ላቦራቶሪ ሲጻፍ ሁለቱንም ትተው «ውሕዱ» ይበሉት። በነገራችን ላይ በሕዝብ አነጋገር «መድኃኒት አደረጉበት» ማለት ምን እንደሆነ ለሚያውቅ አማርኛ ተናጋሪ፣ መርዝና መድኃኒት በአንድ ቃል መጠራታቸው እንግዳ አይደለም። በሳይንስ ጽሑፍ ግን ይህ ልማድ አይጠቅምም።

ግሦቹ ላይ ከስሙ ይልቅ ብዙ ስሕተት ይፈጸማል። «ዋባይን የልብን ምት ያፈጥናል» የሚል ዓረፍተ ነገር አይቻለሁ፤ ጸሐፊው «ልብን ያበረታል» የሚለውን ከ«ያፈጥናል» ጋር አንድ አድርጎት ይሆናል። በሕክምና መጠኑ የሚያጠነክረው የልብ ጡንቻ መኮማተርን ነው፤ ምቱን ግን የሚያዘገይ ነው። መጠኑ ሲያልፍ ምቱን ያዛባል፣ ብሎም ልብን ያቆማል። «ያግዳል» የሚለው ግሥ ደግሞ ልብን ሳይሆን በሕዋስ ልባስ ላይ ያለውን የሶዲየምና የፖታሲየም ፓምፕ ተሳቢ ያድርግ፤ ይህ ዴንማርካዊው ዬንስ ስኩ እ.ኤ.አ. በ1957 ስለ እርሱ ጽፎ በ1997 የኬሚስትሪ ኖቤል ሽልማት የተጋራበት ኤንዛይም ነው። ፓምፑ ሲታገድ ሶዲየም በሕዋሱ ውስጥ ይከማቻል፣ ይህም የካልሲየሙን መጠን ከፍ ያደርገዋል፣ ካልሲየሙም ጡንቻውን አጠንክሮ ያኮማትረዋል። ስለዚህ «ያግዳል» እና «ያጠነክራል» በአንድ አንቀጽ ውስጥ ቢገናኙ እርስ በርስ አይጣሉም፤ ለየግሡ ተሳቢውን መጻፍዎን ብቻ ያረጋግጡ፤ አማርኛችን ተሳቢን ለመዋጥ ይቸኩላልና።

ከስኳሩ የተለየውን የሞለኪውሉን ቀሪ ክፍል «ዋባጄኒን» ብለው ከዋናው ስም ጋር ያስማሙት። በመጽሐፉ መጨረሻ በሚያስገቡት የቃላት መፍቻ ስሙን በ«ወ» ሥር ያስቀምጡት፤ በ«አ» ሥር ደግሞ «ኡዋባይን፦ ዋባይን የሚለውን ይመልከቱ» የሚል አንድ መስመር ይተዉ፣ የቀድሞዎቹን አጻጻፎች ይዞ የሚመጣ አንባቢ አይጠፋምና።