ድሬ ላይ የእንጨት ዥዋዥዌ ይቆያል ወይ?

ጥያቄ፦ ጋሼ፣ የምንኖረው ሳቢያን ነው። ለልጆቼ ግቢ ውስጥ የእንጨት ዥዋዥዌ ላሠራላቸው አስቤያለሁ። ባለቤቴ «ምስጥ ይበላዋል፣ ብረት ይሁን» ይላል። ጎረቤታችን ደግሞ «እንጨቱን የተቃጠለ ዘይት ቀቡት» አለን። የማንን እንስማ?

መልስ፦ እህቴ፣ ባለቤትሽ ስለ ምስጡ ልክ ነው። ድሬ ላይ አፈር የነካ እንጨት የምስጥ ቀለብ ነው። ብረቱን ግን ግንቦት ላይ፣ በእኩለ ቀን በእጁ ይዞ ይሞክረውና ከዚያ እንነጋገር።

የጎረቤታችሁን ምክር ተዉት። የተቃጠለ የሞተር ዘይት መርዛማ ነገር አለበት። ልጅ የሚይዘው፣ የሚቀመጥበት፣ አንዳንዱም የሚልሰው እንጨት ላይ አቦ እንዴት ይቀባል?

ዘዴው እንጨቱን ከአፈር ማራቅ ነው። ለእያንዳንዱ እግር ጉድጓድ ይቆፈርና ኮንክሪት ይሞላ። ኮንክሪቱ ሳይደርቅ ሁለት አንግል ብረት ፊት ለፊት ይተከልበት። እንጨቱ በብረቶቹ መሃል፣ ከመሬት አንድ ጋት ከፍ ብሎ በብሎን ይታሰራል። ምስጥ በኮንክሪትም ላይ የጭቃ መንገድ ሠርቶ መውጣቱ አይቀርም። ግን ሲወጣ ታዪዋለሽ፤ በመጥረጊያ ታፈርሺበታለሽ። እኔ ገንደ ቆሬ ለእህቴ ልጆች የሠራሁት እንዲህ ነው የቆመው።

ለእግሮቹ የደረቀ የባሕር ዛፍ አጠና ይበቃል። እርጥቡን በእኛ ፀሐይ ካቆምሽው ይሰነጠቃል፣ ይጣመማል፤ መጀመሪያ ጥላ ውስጥ ተጋድሞ ይድረቅ። ጽድ ካገኘሽማ ምስጥ ብዙም አይደፍረውም፣ ኪስሽን እንጂ። እግሮቹ ከጎን ሲታዩ የ«ለ» ፊደል መምሰል አለባቸው። በደንብ ካልተከፈቱ ልጁ ሲወዛወዝ ሙሉው ነገር አብሮ ይወዛወዛል።

አናጢው በሚስማር ልምታው ቢልሽ እሺ እንዳትዪ። ሚስማር በውዝዋዜ ብዛት ይላቀቃል። ከዳር እስከ ዳር የሚያልፍ ብሎን፣ ከነሮንዴላውና ከነዳዶው ይግባ፤ ትርፉ ጫፍ ይቆረጥ። ዳዶዎቹንም አልፎ አልፎ አጥብቁ፣ እንጨት እየደረቀ ሲሄድ ይቀንሳል።

ያቺን ርካሽ የፕላስቲክ ገመድ አትግዢ። ፀሐይ ላይ ስትከርም ትበጣጠሳለች። ሰንሰለት ከመረጥሽ ልጆቹ የሚይዙበት ላይ የውሃ ጎማ አልብሺው።

ለመቀመጫው የፓሌት (ዕቃ ተደርድሮ የሚጫንበት የእንጨት ርብራብ) ጣውላ ይሆናል። ግን ማህተሙን እዪ። በላቲን ፊደል «ኤች ቲ» የሚል ካለበት በሙቀት የታከመ ነው፤ ውሰጂው። «ኤም ቢ» ካለ ሜቲል ብሮማይድ በሚባል መርዛማ ጋዝ የታጠነ ስለሆነ ይቅርብሽ። ጠርዙ በብርጭቆ ወረቀት እስኪለዝብ ይታሽ። ልጆቹ ከመውጣታቸው በፊት ከቤቱ ከባዱ ሰው ይቀመጥበት።

ቦታውን ቀድመሽ ለኪ። ገመዱ የሚታሰርበት ከፍታ 2 ሜትር ከሆነ፣ ከፊትም ከኋላም 4 ሜትር ባዶ ይሁን። ግንብ፣ የልብስ ማስጫ ሽቦ፣ የውሃ በርሜል እዚያ ውስጥ አይግባ። የኒም ዛፍ ካላችሁ ጥላው በሚያርፍበት በኩል አድርጉት።

ከሥሩ ሲሚንቶ እንዳይሆን። 30 ሳንቲ ሜትር ያህል ቆፍራችሁ አሸዋ ሙሉበት፤ በአሸዋ አገር ልጅ በሊሾ ላይ አይወድቅም። ማታ ማታ በሸራ ሸፍኑት፣ አለዚያ የሰፈሩ ድመት ሁሉ ሽንት ቤት ያደርገዋል።